ሴቩ የት ገባ? ስለ ኢሙሌተር ጌሞች አቀማመጥ የአንባቢያን ጥያቄና መልስ

ለዚህ እትም የመረጥናቸው ጥያቄዎች ከኮዬ ፈጬ እስከ ሱሉልታ ከአዲስ አበባ ዳር ዳር የመጡ ናቸው። ሁሉም የሚጠይቁት ስለ አንድ ነገር ነው፤ በስልክ ወይም በእጅ በሚያዝ ትንሽ ኮንሶል የቆዩ ጌሞችን በኢሙሌተር (የድሮ ኮንሶልን መስሎ ጌሙን በሚያስኬድ ፕሮግራም) ስንጫወት ፋይሎቹ የት ይቀመጡ? ስማቸውስ ምን ይሁን? የፋይልና የፎልደር ስሞችን እዚህ በራሳችን ፊደል ጽፈናቸዋል፤ መሣሪያችሁ ላይ የምታገኟቸው ግን በላቲን ፊደል ነው።

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ አዘጋጆች። ትንሹ ልጄ በስልኬ ላይ ሬትሮአርክ በሚባለው ኢሙሌተር የጌም ቦይ አድቫንስ ጌሞች ሲጫወት ከረመ። የጌሞቹ ስም ረጃጅምና በቅንፍ የተሞላ ነበርና ታላቅ ወንድሙ «ላስተካክልልህ» ብሎ ሁሉንም አሳጠራቸው። ከዚያ ወዲህ ከዝርዝሩ ሲነኩ አይከፈቱም፤ ፎልደሩ ውስጥ ገብተን ስንከፍታቸው ደግሞ ከዜሮ ይጀምራሉ። ቤታችን ሰላም አጥቷል። ልጁ የደረሰበት ሁሉ ጠፋ ማለት ነው? — የሁለት ልጆች አባት፣ ከኮዬ ፈጬ

መልስ፦ አልጠፋም። ይህን አንብበው እስኪጨርሱ ድረስ ግን ማንም ጌሞቹን ባይከፍት ይሻላል።

ጌሙና ሴቩ (ተጫዋቹ የደረሰበት የሚመዘገብበት) ሁለት የተለያዩ ፋይሎች ናቸው። ሬትሮአርክ ሴቩን ከጌሙ ጋር የሚያገናኘው በስም ብቻ ነው። ጌሙ «ፖክሞን ኤመራልድ ቨርዥን (ዩኤስኤ፣ ዩሮፕ).ጂቢኤ» ከሆነ ሴቩ ያው ስም ኖሮት መጨረሻው ብቻ «.ኤስአርኤም» ይሆናል። ታላቅየው ጌሙን «ኤመራልድ.ጂቢኤ» ሲለው ፕሮግራሙ «ኤመራልድ.ኤስአርኤም» የሚባል ሴቭ ይፈልጋል፤ ሲያጣው አዲስ ጨዋታ ይጀምራል፤ ጌሙ ሲዘጋም ባዶ የሆነ አዲስ ሴቭ በዚያ ስም ይጽፋል። የቀድሞው ሴቭ በረጅም ስሙ እዚያው ተቀምጧል።

ማስተካከያው እንዲህ ነው። ሬትሮአርክን ሙሉ በሙሉ ይዝጉት። በስልኩ ፋይል ማኔጀር ሬትሮአርክ የሚጠቀምበት ፎልደር ውስጥ ይግቡና «ሴቭስ» የሚለውን ይክፈቱ፤ እዚያ ከሌለ ሴቮቹ ከጌሞቹ ጎን ተቀምጠው ሊሆን ይችላል። ከምንም በፊት ይህን ፎልደር እንዳለ ኮፒ አድርገው ሌላ ቦታ ያስቀምጡ። ከዚያ በቀን ያሰልፉት። ስሞቹ ከተቀየሩ በኋላ የተጻፉት አጫጭር ስም ያላቸው ሴቮች ባዶዎቹ ናቸውና ወደ ሌላ ፎልደር ያውጧቸው። የቀሩት የልጁ ናቸው።

አሁን ሁለት መንገድ አለ። አንዱ የሴቮቹን ስም እንደ አዲሶቹ የጌም ስሞች ማሳጠር ነው። ሌላው የጌሞቹን ስም ወደ ነበረበት መመለስ ነው። እኛ ሁለተኛውን እንመርጣለን። ያ ረጅም ስም ዝም ብሎ የተሰጠ አይደለም፤ ኖ-ኢንትሮ የተባለው የካርትሪጅ ጌሞች መዝገብ የሚከተለው አጻጻፍ ነው፤ በቅንፍ ያለው ጌሙ ለየትኛው አገር ገበያ እንደወጣ ይናገራል። ነገ ሌላ ቅጂ ቢመጣ የትኛው የትኛው እንደሆነ የሚለየው በዚሁ ነው። በየትኛውም መንገድ ቢሄዱ ስሙ ፊደል በፊደል አንድ መሆን አለበት፤ ክፍት ቦታውና ቅንፉም ሳይቀር። በሴቩ ስም መጨረሻ ላይ አንድ ትርፍ ክፍት ቦታ ካለ ፕሮግራሙ አያገኘውም፤ በዓይን ደግሞ አይታይም።

በ«ስቴትስ» ፎልደር ውስጥ ያሉትም («.ስቴት»፣ «.ስቴት1» እያሉ የሚቆጠሩት) በዚሁ ሕግ ይሄዳሉ። እዚህ ላይ ጥንቃቄ ያስፈልጋል። ስቴት ማለት የጨዋታው ቅጽበት እንዳለ መገልበጡ ነው፤ ውስጡ በዚያ ሰዓት የነበረው ሴቭም አለበት። የቆየ ስቴት ከፍተው ጌሙ ውስጥ ሴቭ ካደረጉ አሮጌው በአዲሱ ላይ ይጻፍበታል። ስለዚህ ስሞቹን ካስተካከሉ በኋላ መጀመሪያ ጌሙን በራሱ ሴቭ ይክፈቱ፤ ስቴቱን ይተዉት።

ጌሞቹ ከዝርዝሩ ሲነኩ አለመከፈታቸው ለብቻው ነው። ዝርዝሩ የእያንዳንዱን ጌም ሙሉ አድራሻ ከነስሙ መዝግቦ ይይዛል፤ ስሙ ሲቀየር አድራሻው ባዶ ቦታ ያመለክታል። ስሞቹን ወደ ቀድሞው ከመለሷቸው ዝርዝሩ ያለ ተጨማሪ ሥራ ይስተካከላል። አጭሩን ስም ካስቀሩ ግን የድሮውን ዝርዝር አጥፍተው እንደገና ስካን ማድረግ አለብዎት። ስካኑ ጥቂት ጌሞችን ዘሎ ከቀረ እነዚያ ፋይሎች ከመዝገቡ ቅጂ ጋር አይመሳሰሉም ማለት ነው፤ «ማኑዋል ስካን» የሚለው ሳያነጻጽር ሁሉንም ያስገባል።

አንድ ጌም ብቻ «1ኤም ሰብ ሰርኪት ቦርድ አልተገጠመም» የሚል ትርጉም ያለው የእንግሊዝኛ መልእክት ቢያሳይ አይደንግጡ። ኤመራልድ 128 ኪሎባይት ሴቭ ይፈልጋል፤ ኢሙሌተሩ ወይም የሴቭ ዓይነት ምርጫው 64 ላይ ከተቀመጠ ይህን ይላል። ምርጫውን ወደ 128 መለወጥ በቂ ነው።

በመጨረሻ፣ በሬትሮአርክ ሴቲንግ «ሴቪንግ» ከሚለው ስር «ሴቭራም አውቶሴቭ ኢንተርቫል» አለ። 10 ሰከንድ ያድርጉት። ከተዘጋ ሴቩ ወደ ፋይል የሚጻፈው ጌሙ በሥርዓት ሲዘጋ ብቻ ነው፤ ራሙ ትንሽ የሆነ ስልክ ጥሪ ሲገባ ፕሮግራሙን ገድሎት ልጁ አንድ ሰዓት የተጫወተው ይሄዳል። ያኔ ደግሞ ታላቅ ወንድሙ ያላጠፋው ይጠየቃል።

ጥያቄ፦ የጌሞቹን ስም በአማርኛ ብጽፋቸው ችግር አለው? — ከየካ አባዶ

መልስ፦ ፋይሉን አይንኩት፤ የሚታየውን ስም ይቀይሩ። በሬትሮአርክ ዝርዝር ውስጥ ጌሙ ላይ ገብተው «ሪኔም» ሲሉ የሚለወጠው በዝርዝሩ ላይ ያለው ስም እንጂ ፋይሉ አይደለም፤ ሴቩም ቦታውን አይለቅም። ግን የሽፋን ሥዕሉ የሚፈለገው በዚያ ስም ስለሆነ ሥዕሉ ሊጠፋ ይችላል። ፊደላችን የሌለው ፎንት የተጫነበት ኮንሶል ላይ ደግሞ ከስም ይልቅ ባዶ ሣጥኖች ይደረደራሉ። የፒኤስፒ (በእጅ የሚያዘው የሶኒ ኮንሶል) ኢሙሌተሩ ፒፒኤስኤስፒፒ ግን የፋይሉን ስም ከነአካቴው አያሳይም፤ ስሙንም ሥዕሉንም የሚያወጣው ከጌሙ ውስጥ ነው።

ጥያቄ፦ ሰላም ለእናንተ። የ10ኛ ክፍል ተማሪ ነኝ። የዘንድሮ ቡድኖች ያሉበት የፒኤስፒ ፔስ (የእግር ኳስ ጌም) ከቴሌግራም በሦስት ክፍል አወረድኩ። መጀመሪያ ስፈታው ስህተት አለ። ጓደኛዬ በዜንደር ሌላ ሰጠኝና ተፈታ፤ ግን ስከፍተው ማሊያዎቹ የድሮ ናቸው፤ በዚያ ላይ በፊት የነበረኝ ማስተር ሊግ (ቡድን እየመራሁ የምጫወተው ውድድር) ጠፋ። — ከሰበታ

መልስ፦ ሦስት ችግር ነው የገጠመህ፤ የመጨረሻው ከባድ ነው።

የመጀመሪያው ቀላል ነው። ቴሌግራም አንድ ፋይል ከ2 ጊጋባይት በላይ እንዲሆን አይፈቅድም (ለሚከፍሉ 4 ነው)፤ አንዳንዱ ደግሞ ለማውረድ እንዲመች ከዚያ አሳንሶ ይቆርጠዋል። የተቆረጡ ክፍሎች ሲፈቱ ሁሉም አንድ ፎልደር ውስጥ፣ ከነመጀመሪያ ስማቸው መሆን አለባቸው። ኔትወርክ ተቆርጦ አንዱን ሁለቴ ካወረድክ ስልኩ መጨረሻው ላይ «(1)» ይጨምርበታል፤ ፈቺው ክፍል ሁለትን ሲፈልግ ያጣዋል። ቅንፉን አጥፋው፤ የሦስቱን መጠን ከፖስቱ ጋር አስተያይ፤ ከዚያ ዛርቺቨር በሚባለው የፋይል መፍቻ ክፍል አንድን ብቻ ክፈት፤ ሌሎቹን ራሱ ይከተላቸዋል። ባዶ ቦታም አስብ። 1.4 ጊጋባይት የሆነ ጥቅል ሲፈታ 1.7 የሚሆን ከሆነ ስልኩ ላይ ሁለቱም በአንድ ጊዜ ይቀመጣሉ፤ ከ3 ጊጋባይት በላይ ነጻ ቦታ ከሌለህ መሃል ላይ ይቆማል፤ ስህተቱም «ፋይሉ ተበላሽቷል» ይልሃል እንጂ «ቦታ የለም» ላይልህ ይችላል።

ማሊያዎቹ የድሮ የሆኑት ጥቅሉ ሦስት ነገር ስለያዘ ነው። አንደኛው ጌሙ ራሱ («.አይኤስኦ» ወይም «.ሲኤስኦ») ነው፤ እሱን የትም ፎልደር ብታስቀምጠው ይከፈታል። ሁለተኛው የሴቭ ፎልደር ነው፤ ቦታው «ፒኤስፒ» ውስጥ «ሴቭዳታ» ነው። ሦስተኛው ሥዕሎቹ ናቸው፤ ቦታቸው «ፒኤስፒ» ውስጥ «ቴክስቸርስ» ነው። ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ጋ ነው፦ ሲፈታ «ቴክስቸርስ» ውስጥ ሌላ «ቴክስቸርስ» ይፈጠራል፤ ኢሙሌተሩ ደግሞ ሁለተኛውን በር አያንኳኳም። «ቴክስቸርስ»ን ስትከፍት ወዲያው ማየት ያለብህ የጌሙን መለያ ስም የያዘ ፎልደር ነው፤ አራት የላቲን ፊደልና አምስት ቁጥር። ጌሙን በኢሙሌተሩ ውስጥ ተጭነህ ስትቆይ የሚመጣው ገጽ መለያውን ያሳይሃል፤ ሁለቱ አንድ መሆናቸውን ተመልከት። ከዚያ በሴቲንግ፣ «ቱልስ»፣ «ዴቨሎፐር ቱልስ» ውስጥ «ሪፕሌስ ቴክስቸርስ» መብራቱን አረጋግጥ። ደካማ ስልክ ላይ ይህ ጌሙን ያዘገየዋል፤ ማሊያው ወይስ ፍጥነቱ የሚለውን ራስህ ወስን።

አሁን ወደ ማስተር ሊጉ። ለፒኤስፒ በይፋ የወጣው የመጨረሻው ፔስ የ2014ቱ ነው። ከዚያ በኋላ ያለ ዓመት የተጻፈባቸው ሁሉ አፍቃሪዎች በድሮው ጌም ላይ የሠሯቸው ናቸው። ስለዚህ «የ2023» እና «የ2025» የተባሉ ሁለት ጌሞች ከውስጥ አንድ መለያ ሊኖራቸው ይችላል። ፒፒኤስኤስፒፒ ከሬትሮአርክ የሚለየው እዚህ ነው፤ ሴቩን የሚያገናኘው በፋይሉ ስም ሳይሆን በዚህ መለያ ነው። የጌሙን ፋይል እንደፈለግህ ብትሰይመው ሴቩ አይጠፋም። መለያቸው አንድ የሆነ ሁለት ጌሞች ግን አንድ የሴቭ ፎልደር ይጋራሉ። አዲሱን ሴቭዳታ ስታስገባ «ይተካ?» ብሎ ሲጠይቅህ እሺ ብለሃል፤ የተተካው የአንተ ማስተር ሊግ ነው።

የተተካው አይመለስም፤ አንድ ዕድል ግን አለ። በዚያ ጌም ላይ ስቴት አስቀምጠህ ከነበር «ፒፒኤስኤስፒፒ ስቴት» የሚለው ፎልደር ውስጥ አለ፤ ከድሮው ጌም ፋይል ጋር ብቻ ክፈተውና ማስተር ሊጉ ውስጥ ገብተህ በጌሙ በራሱ ሴቭ አድርግ። ከዚህ በኋላ አዲስ ጥቅል ከመፍታትህ በፊት «ሴቭዳታ»ን ኮፒ አድርገህ ቀን ጻፍበት፤ የፔስ ሴቭ ጥቂት ሜጋባይት ነው። ሁለቱንም ጌም መጫወት ከፈለግህ ለሁለተኛው በኢሙሌተሩ ሌላ የሚሞሪ ስቲክ ፎልደር (ሴቮቹ የሚቀመጡበት) ምረጥለት፤ መቀያየሩ አሰልቺ ቢሆንም አይደባለቁም።

ሌላም አለ። ጓደኛህ ሴቩን ቢሰጥህና ባይታይህ የእሱ የአሜሪካ፣ የአንተ የአውሮፓ ቅጂ ሊሆን ይችላል። የአሜሪካው መለያ ብዙ ጊዜ በ«ዩኤልዩኤስ»፣ የአውሮፓው በ«ዩኤልኢኤስ» ይጀምራል፤ አንዱ የሌላውን ሴቭ አያውቅም።

ጥያቄ፦ ስልክ ልቀይር ነው። የፒኤስፒ ሴቮቼን ይዤ መሄድ እፈልጋለሁ፤ ወንድሜ ግን «ኢሙሌተሩን አጥፍተህ እንደገና ጫነው» ብሎኝ በአሮጌው ስልክ ላይ አንዴ ሁሉም ጠፍቶብኛል። — ከገላን

መልስ፦ ከአንድሮይድ 11 ወዲህ ፒፒኤስኤስፒፒ መጀመሪያ ሲከፈት «የፒኤስፒ ፎልደር ምረጥ» ወይም «የመተግበሪያውን የግል ቦታ ተጠቀም» ብሎ ያስመርጣል። ሁለተኛውን የመረጠ ሰው ፕሮግራሙን ሲያጠፋ ሴቩም አብሮ ይጠፋል። ማስጠንቀቂያው እዚያው ተጽፏል፤ ማን ያነበዋል እንጂ።

ስለዚህ አሁን አሮጌው ስልክ ላይ ሴቲንግ ውስጥ «ሲስተም» ከሚለው «ሚሞሪ ስቲክ ፎልደር»ን ይክፈቱና የት እንዳለ ይዩ። የግል ቦታው ከሆነ ይቀይሩት፤ በስልኩ ዋና ማህደር ላይ «ፒኤስፒ ዳታ» ብለው ራስዎ የከፈቱትን ፎልደር ይስጡት፤ ያለውን ላዛውር ወይ ሲልዎት እሺ ይበሉ። ከዚያ ያንን ፎልደር በሙሉ ወደ ሚሞሪ ካርድ ወይም ኮምፒውተር ኮፒ አድርገው አዲሱ ስልክ ላይ ያስቀምጡ። ኢሙሌተሩን ሲጭኑ ይህንኑ ፎልደር ያሳዩት። ሴቮቹ ወዲያው ይመጣሉ፤ ጌሞቹ ደግሞ በኋላም ቢሆን ይደርሳሉ።

ስቴት ብቻ ይዘው አይሂዱ። ስቴት ከኢሙሌተሩ ስሪት ጋር የተሳሰረ ስለሆነ በአዲሱ ስሪት ላይ እምቢ ሊል ይችላል። ከመዛወርዎ በፊት እያንዳንዱን ጌም ከፍተው በጌሙ በራሱ ሜኑ ሴቭ ያድርጉ።

ሚሞሪ ካርዱን ስልኩ ውስጥ ሲከቱ «እንደ ውስጥ ማህደር ልጠቀምበት?» የሚል ጥያቄ ከመጣ እምቢ ይበሉ፤ «ፖርታብል» የሚለውን ይምረጡ። እንደ ውስጥ ማህደር የተዘጋጀ ካርድ ተመስጥሮ ከዚያ ስልክ ጋር ይታሰራል፤ ሌላ ስልክም ኮምፒውተርም አያነበውም።

ጥያቄ፦ ለገጣፎ ሞባይል ቤት አለኝ። ደንበኞች ሚሞሪ ይዘው መጥተው ጌም ያስጭናሉ። ኮምፒውተሬ ላይ ያለው ጌም ተደበላልቋል፤ አንዱ አራት ቦታ አለ። ብዙ ጊዜ ኮፒ ሲደረግ መብራት ይሄድብኛል፤ ደንበኛው ቤቱ ሄዶ «አይከፈትም» ብሎ ይመለሳል። 9 ጊጋ የሆነ አንድ ጥቅል ደግሞ ባለ 32 ጊጋ ካርድ ላይ «ፋይሉ በጣም ትልቅ ነው» ብሎ አልገባ አለኝ፤ ካርዱ ባዶ ነው። እባካችሁ መላ በሉኝ። — ከለገጣፎ

መልስ፦ ከመጨረሻው እንጀምር። 32 ጊጋባይትና ከዚያ በታች የሆኑ ካርዶች አብዛኛውን ጊዜ ፋት32 በሚባለው አደረጃጀት ይመጣሉ፤ እሱ ደግሞ አንድን ፋይል ከ4 ጊጋባይት በላይ አይቀበልም። ካርዱ ባዶ ቢሆንም ለውጥ የለውም። ግን ልብ ይበሉ፤ የፒኤስፒ ዲስክ ቢበዛ 1.8 ጊጋባይት፣ የኒንቴንዶ ዲኤስ ካርትሪጅ 512 ሜጋባይት፣ የጌም ቦይ አድቫንስ 32 ሜጋባይት ነው። በእጅ የሚያዙት እነዚህ ኮንሶሎች 4 ጊጋ የሚደርስ ጌም የላቸውም። የእርስዎ 9 ጊጋ ብዙ ጌም ያለበት አንድ ዚፕ ነው። ኮምፒውተሩ ላይ ይፍቱትና ጌሞቹን አንድ በአንድ ያስገቡ። ካርዱን ትልቅ ፋይል ወደሚቀበለው ኤክስፋት ወደተባለው አደረጃጀት መለወጥም ይቻላል፤ አንዳንድ ርካሽ ኮንሶሎች ግን ኤክስፋት አያነቡም።

ወደ ኮምፒውተርዎ። አንድ ዋና ፎልደር ይክፈቱ፤ ውስጡ በኮንሶል ይከፋፈል፦ ጌም ቦይ፣ ጌም ቦይ ከለር፣ ጌም ቦይ አድቫንስ፣ ዲኤስ፣ ፒኤስፒ፣ ፕሌይስቴሽን 1። ከዚህ ወዲያ በዓይነት (እሽቅድድም፣ ኳስ፣ ድብድብ) መከፋፈል አያዋጣም፤ ሁለት ቦታ የሚገባ ጌም ይመጣና ሁለቴ ይቀመጣል፤ አሁን ያሉበት መደበላለቅም የመጣው ከዚሁ ይመስለናል። ዋናው ፎልደር ውስጥ ሴቭ የሚባል ነገር አይግባ። ከደንበኛ ካርድ ወደ ዋናው ፎልደርም ምንም አይመለስ፤ ቫይረሱም ድግግሞሹም በዚያ በር ነው የሚገባው።

ድግግሞሹን በስም አይፈልጉት። አንድ ጌም በአራት ስም ሊቀመጥ ይችላል፤ አንድ ስም ያላቸው ሁለት ፋይሎችም ሊለያዩ ይችላሉ። ሰቨንዚፕ የተባለው የፋይል መፍቻ የተጫነበት ዊንዶውስ ላይ ፋይሉን በቀኝ ሲጫኑ «ሲአርሲ ኤስኤችኤ» የሚል ምርጫ አለ፤ የሚያወጣው ቁጥር አንድ ከሆነ ፋይሉ አንድ ነው። ከቀሩት ውስጥ ለእያንዳንዱ ጌም አንድ ቅጂ ብቻ ያስቀሩ፤ እንግሊዝኛ የሚናገረውን። በስሙ ላይ በማዕዘን ቅንፍ «ቢ» የተጻፈበት የተበላሸ ቅጂ ነው፤ ያጥፉት። የቃለ አጋኖ ምልክት ያለበት ደግሞ ተረጋግጧል የተባለው ነው። ይህን ሲጨርሱ «10 ሺህ ጌም» የተባለው ስብስብ በጣም እንደሚቀንስ ያያሉ፤ ደንበኛውም የሚፈልገው ሃያ ሠላሳ ጌም ነው።

ቦታ ለመቆጠብ የካርትሪጅ ጌሞችን ዚፕ አድርጎ ማስቀመጥ ይቻላል፤ አብዛኞቹ ኢሙሌተሮች ሳይፈታ ይከፍቱታል። የፒኤስፒ አይኤስኦ ግን ዚፕ ውስጥ እያለ አይጫወትም፤ እሱን ወደ ሲኤስኦ (ታምቆ ያነሰ ቅጂ) ይቀይሩት። ሲኤችዲ የሚባለው የበለጠ ያሳንሳል፤ ፒፒኤስኤስፒፒ ግን የሚያነበው ከ1.17 ስሪት ጀምሮ ስለሆነ አሮጌ ስሪት የጫነ ደንበኛ አይከፈትለትም። ቻድማን በሚባለው መሣሪያ ሲኤችዲ የሚሠሩ ከሆነ «ክሪኤት ዲቪዲ» በሚለው ትእዛዝ ይሁን፤ «ክሪኤት ሲዲ» ለፒኤስፒ አይሆንም።

መብራቱን በተመለከተ፣ ተራ ኮፒ ሲቋረጥ የመጨረሻው ፋይል በግማሽ ይቀራል፤ ስሙ ስላለ ግን ሙሉ ይመስላል። ቴራኮፒ የሚባለው ፕሮግራም ከጻፈ በኋላ መልሶ አንብቦ ያነጻጽራል፤ ጊዜውን ይጨምረዋል፤ የሚመለስ ደንበኛን ግን ይቀንሳል። ኮፒው እንዳለቀ ካርዱን «ኢጀክት» ሳይሉ አይንቀሉት።

«አይከፈትም» ብሎ የሚመለሰው ካርድ ራሱ ውሸታም ሊሆንም ይችላል። ላዩ ላይ 64 ጊጋ ተጽፎ ውስጡ 8 የሆነ ካርድ ገበያ ላይ ሞልቷል። ኮፒውን ሁሉ ይቀበላል፤ ከ8 በኋላ ያለው ግን የትም አይጻፍም። ኤችቱቴስትደብሊው የሚባል ነጻ ፕሮግራም ካርዱን ሞልቶ መልሶ በማንበብ እውነተኛ መጠኑን ይናገራል። በሰከንድ 10 ሜጋባይት የሚጽፍ ባለ 64 ጊጋ ካርድ ለመጻፍ ብቻ ሁለት ሰዓት ገደማ ይፈጃልና ለእያንዳንዱ ደንበኛ አይቻልም፤ እርስዎ የሚሸጧቸውን ካርዶች ግን ከእያንዳንዱ ጥቅል አንድ አውጥተው ይፈትሹ።

አንድ ነገር ሳንል አናልፍም። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 የኮምፒውተር ፕሮግራምንም ይጠብቃል። ሰው የገዛውን ጌም ለራሱ ገልብጦ መያዙ ሌላ ነው፤ የሌላ ሰው ጌም በካርድ እየሞሉ መሸጥ ሌላ ነው። ለጌም ቦይና ለፒኤስፒ አፍቃሪዎች ሠርተው በነጻ የሚለቋቸው ጌሞች አሉ፤ እነሱን መጫንና ካርድ አደራጅቶ ፈትሾ ማስረከብ የሚያስከፍል ሥራ ነው።

ጥያቄ፦ የፕሌይስቴሽን 1 ጌም ዝርዝሬ ላይ እያንዳንዱ ሁለት ሁለት ጊዜ ይታያል፤ አንዱ ይከፈታል፣ አንዱ አይከፈትም። ሦስት ዲስክ ያለው ጌም ላይ ደግሞ ዲስክ ሁለት ስደርስ ሴቩ ባዶ ነው። — ከቡራዩ

መልስ፦ «.ቢን» የዲስኩ ይዘት ነው፤ «.ኪው» ደግሞ ይዘቱ እንዴት እንደተደረደረ የሚናገር ጥቂት መስመር ጽሑፍ። የሚከፈተው ኪው ነው። በኖትፓድ ቢከፍቱት የመጀመሪያው መስመር የቢኑን ስም በትእምርተ ጥቅስ ይዟል። የቢኑን ስም ቀይረው ይህን ካልቀየሩ ጌሙ አይነሳም። ኪው ጠፍቶ ቢን ብቻ ሲከፈት ጌሙ ቢነሳም ሙዚቃው ላይኖር ይችላል፤ ዘፈኖቹ በሌላ ትራክ ላይ ናቸውና።

ይህን የቢንና የኪው ችግር በአንዴ የሚፈታው ቻድማን በሚባለው መሣሪያ ወደ ሲኤችዲ መለወጥ ነው፤ እዚህ «ክሪኤት ሲዲ» ትክክለኛው ትእዛዝ ነው፤ የሚሰጡትም ኪውን ነው። ከስንትም ቢን ይሁን አንድ ፋይል ይወጣል፤ ዝርዝሩም ላይ አንዴ ብቻ ይታያል። መሥራቱን አይተው ቢኑንና ኪውን ያጥፉ።

ለባለ ሦስት ዲስኩ፣ በኖትፓድ አዲስ ጽሑፍ ይክፈቱ፤ የሦስቱን ሲኤችዲ ስም በተራ፣ በየመስመሩ አንድ አንድ ይጻፉ፤ በጌሙ ስም «.ኤም3ዩ» ብለው እዚያው ፎልደር ያስቀምጡት። ኖትፓድ ከጀርባ «.ቲኤክስቲ» ይጨምራልና ሴቭ ሲያደርጉ «ኦል ፋይልስ» የሚለውን ይምረጡ። ከዚህ በኋላ የሚከፍቱት ይህን ፋይል ብቻ ነው፤ ዲስክ የሚቀይሩት በሬትሮአርክ ሜኑ «ዲስክ ኮንትሮል» በሚለው ነው። ሴቩ ባዶ የሆነብዎት ዲስክ ሁለትን ለብቻው ስለከፈቱት ነው፤ ፕሮግራሙ ስሙን አይቶ አዲስ ሚሞሪ ካርድ ሠራለት። የድሮውን ሴቭ ለማዳን የዲስክ አንድን ኤስአርኤም ኮፒ አድርገው ስሙን እንደ ኤም3ዩው ያድርጉት።

ጥያቄ፦ እህቴ ከውጭ ትንሽ የጌም ኮንሶል ላከችልኝ። ጌም ልጨምር ካርዱን ኮምፒውተር ላይ ስሰካ አምስት ድራይቭ መጣ፤ «ፎርማት ይደረግ» እያለ ይጠይቀኛል። ላድርገው? — ከሱሉልታ

መልስ፦ እንዳያደርጉት። «ካንስል» ይበሉ፤ ስንት ጊዜም ቢጠይቅ። ካርዱ ላይ ኮንሶሉ የሚነሳበት የሊኑክስ ክፍል አለ፤ ዊንዶውስ ስለማያነበው የተበላሸ ይመስለዋል። ከሚከፈቱት ድራይቮች አንዱ ውስጥ «ሮምስ» የሚል ፎልደር ያገኛሉ፤ ጌም የሚጨመረው እዚያ ብቻ ነው፤ በየኮንሶሉ በተሰየመው ፎልደር። የፎልደሮቹን ስም አይለውጡ፤ ኮንሶሉ ጌሙን በየትኛው ኢሙሌተር እንደሚከፍት የሚያውቀው በዚያ ስም ነው።

ከኮንሶሉ ጋር የሚመጣው ካርድ ብዙ ጊዜ ስም የሌለውና ቶሎ የሚበላሽ ነው። ጌም ከመጨመርዎ በፊት በዊን32 ዲስክ ኢሜጀር የካርዱን ሙሉ ምስል ያንሱ፤ «ሪድ» የሚለውን ነው የሚጫኑት፤ «ራይት» ካርዱን ያጠፋዋል። የባለ 64 ጊጋ ካርድ ምስል 64 ጊጋ ቦታ ይወስዳል። ከዚያ ምስሉን በታወቀ ካርድ ላይ ይጻፉትና እሱን ይጠቀሙ። አዲሱ ካርድ ከአሮጌው በጥቂት ሜጋባይት እንኳ ካነሰ አይጽፍም፤ ስለዚህ ሲገዙ ባለ 128 ይግዙ። ኮንሶሉ ሁለት የካርድ ቀዳዳ ካለው ግን መላው ይቀላል፤ ሲስተሙን የመጀመሪያው ላይ ትተው ጌሞችዎን በሁለተኛው ካርድ ያስቀምጡ፤ ኮምፒውተር ላይ የሚሰኩትም ሁለተኛውን ብቻ ይሁን።